ጨዋታው እስኪያልቅ

የተጫዋቾቹን ስልክ የምሰበስበው እኔ ነኝ። በጨዋታ ቀን ከመልበሻ ክፍል ሲወጡ እያንዳንዷ ስልኳን ሰማያዊ የጨርቅ ቦርሳዬ ውስጥ ትጥላለች። እኔም ዳኛው የመጨረሻውን ፊሽካ እስኪነፋ ድረስ ቦርሳውን ጭኔ ላይ አድርጌ የተቀያሪዎቹ ወንበር ጫፍ ላይ እቀመጣለሁ። በዚህ ሥራ ስንት ዓመት ስቆይ አንድም ስልክ ጠፍቶብኝ አያውቅም። አንዲት ልጅ ግን እናቷን ሳትሰናበት የቀረችው በእኔ ምክንያት ነው። ለንስሐ አባቴ ስነግራቸው "ሳታውቂ ነው ያደረግሽው" አሉኝ። እኔ ግን ግማሹን አውቄ ነው ያደረግኩት፤ ስለዚህ ከነዝርዝሩ ልጻፈው።

እዚህ ኦስሎ ያለው ክለብ ውስጥ የገባሁት ኳስ ወድጄ አይደለም። ልጄ በሰባት ዓመቷ ኳስ ካልተጫወትኩ ብላ ስታስቸግረኝ አስመዘገብኳት፤ ከዚያ ወላጆች በሙሉ ዱግናድ አለባችሁ ተባልን። ዱግናድ ለጋራ ነገር በነፃ መሥራት ነው። ኖርዌጂያኖቹ ቃሉን ሲያነሱት ፊታቸው ይበራል፤ ለእኔ ግን ከጽዳት ሥራ ወጥቶ ሌላ ጽዳት መግባት ነበር። ሌሎቹ ኬክ ሲመርጡ እኔ ማሊያ ማጠብ መረጥኩ፤ የእኔ ኬክ እንደማይበላ አውቀዋለሁ። ልጄ አሥራ አራት ሲሞላት ኳሱን ጥላው ወጣች። እኔ እዚያው ቀረሁ። የልብስ ማጠቢያ ክፍሉ ሙቀት ተስማማኝ መሰለኝ፤ ደግሞም የሴቶቹ ዋና ቡድን ዕቃ ያዥ አድርገውኝ፣ ስሜ ጀርባው ላይ የተጻፈበት ጃኬት ሰጥተውኝ ነበር።

ያችን ልጅ፣ የቡድናችንን ተከላካይ፣ መጀመሪያ ያየኋት ግን ሜዳ ላይ አይደለም። ሴንትሩም፣ መሐል ከተማው ውስጥ፣ የማጸዳው የቢሮ ሕንፃ አለ፤ አንድ ቀን ከንጋቱ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ አዲስ ሠራተኛ ተብላ መጣች። ረጅም ናት፤ ቅንድቧ ከመንጣቱ የተነሣ ያለ አይመስልም። አገሯ ኤስቶኒያ ነው አለችኝ። የት እንደሆነ ስጠይቃት "ከሩሲያ ጎን ያለች ትንሽ አገር" አለችኝ። "አይዞሽ፣ የእኔም ጎረቤቶች ቀላል አይደሉም" አልኳት። የሁለታችንም ኖርዌጅኛ ስብርባሪ ነበር፤ ግን ስብርባሪው ገጠመ። በሳምንቱ ቅዳሜ ክለቡ በር ላይ ተገናኘን።

"ደግሞ እዚህ ምን ልታጸጂ መጣሽ?" አልኳት።

ሳቀችና ከቦርሳዋ ታኬታዋን አውጥታ አሳየችኝ።

ሕይወቷን ያወቅኩት ቀስ በቀስ፣ ደረጃ እየወለወልን ነው። ያደገችው ሐይቅ ዳር ያለች ትንሽ ከተማ ውስጥ ነው። የሴት ልጆች ቡድን ስላልነበረ ከወንዶች ጋር ተጫወተች። አሰልጣኙ ቁመቷንና ግትርነቷን አይቶ ኋላ አቆማት፤ ከዚያ ወዲህ ወደ ፊት አልሄደችም። በአሥራ ሰባት ዓመቷ ለብሔራዊ ቡድን ተመረጠች። አገሯ ትንሽ ስለሆነች ከትልልቆቹ ጋር ሲጋጠሙ ኳሱ የሚውለው እሷ ጋ ነው። አንድ ጊዜ ሰባት ለባዶ ተሸንፈው በተመለሱ ማግስት መወልወያዋን ይዛ "አሥራ አምስት ይሆን ነበር እኮ" አለችኝ፣ ኮራ ብላ። ያን ቀን የተከላካይ ሥራ ገባኝ። ከእኛ ጽዳት አይለይም፤ የሚታየው ሳይሠራ የቀረ ቀን ነው። ይህን ስነግራት ደስ ብሏት ለቡድኑ ሁሉ አወራችው።

እናቷ ዓሣ ፋብሪካ ሲሠሩ የኖሩ ሴት ነበሩ። የልጃቸውን ጨዋታ ሁሉ በኮምፒውተር ይከታተላሉ። ሥርጭቱ ግን ሁለት ሦስት ደቂቃ ወደ ኋላ ይጎተታል፣ እሳቸው ደግሞ ትዕግሥት የሚባል አልፈጠረባቸውም። ስለዚህ የእነሱ ኮምፒውተር ላይ ገና እየተሮጠ እኛ ጋ ይደውላሉ። ከቦርሳዬ መጀመሪያ የሚጮኸው ስልክ ሁልጊዜ የእሷ ነው። ስታነሣው የእናትየው ድምፅ እኔ ጋ ድረስ ይሰማል፤ ሁልጊዜም የሚጀምሩት በአንዲት ቃል ነው። ምን እያሉሽ ነው ብዬ ጠየቅኳት።

"'አለቀ?' ነው የምትለኝ" አለች። "ካለቀ በኋላ ስህተቴን መቁጠር ትጀምራለች።"

ያችን ቃል እኔም ለመድኳት። ፊሽካው ሲነፋና ስልኳን ሳቀብላት እናትየውን ቀድሜ "አለቀ?" እላታለሁ በእነሱ ቋንቋ፤ ትስቃለች። እሷን ደግሞ እትዬ ማለት አስተምሬያት ነበር። ለታላቅ እህት የሚባል ነው አልኳት። ከዚያ በኋላ በስሜ ጠርታኝ አታውቅም።

ሠላሳ ዓመት በሞላት ዓመት የጉልበቷ ጅማት ተበጠሰ። ድምፁን ከወንበሬ ሰምቼዋለሁ። ሆስፒታል አብሬያት ስሄድ ከሚሞላው ቅጽ ላይ "ፖሮረነ" የሚል ቦታ አለ፤ የቅርብ ቤተሰብ ማለት ነው፣ አንድ ነገር ቢፈጠር የሚደወልለት። የእኔን ስምና ቁጥር ጻፈች። ያንኑ ለክለቡም፣ አገሯ ላለው ወንድሟም ሰጠች። እኔ ኩራቴን የት ላድርሰው! ልጄ ለትምህርት ሌላ ከተማ ስለሄደች ሞርተንሩድ ያለው ቤቴ ውስጥ ክፍሏ ባዶ ነበር፤ እዚያ አስተኛኋት። ዐቢይ ጾም ስለነበር ግሮንላንድ ሰፈር ካለው የሐበሻ ሱቅ ባመጣሁት ሽሮና ምስር ነው ያገገመችው። ጉልበቷን ጸበል እረጭላት ነበር። ሲሻላት ግን ያመሰገነችው ፊዚዮቴራፒስቱን ነው፤ ይሁን፣ ለሁለታችንም ሥራው ተሠርቷል።

አንድ ዓመት ተኩል ቆየች፣ ሜዳ ሳትረግጥ። ልትመለስ ስትል የአገሯ አሰልጣኝ፣ ኦስሎ መጥቼ ላይሽ፣ ጉልበትሽ ከጸና ለሚቀጥለው ውድድር እወስድሻለሁ፣ ካልሆነ ይብቃን አላት። ያ ቅዳሜ ለእሷ ይህ ነበር። "እናቴ የአገሬን ማሊያ ለብሼ አንድ ጊዜ ብታየኝ፣ ከዚያ እኔው ራሴ አቆማለሁ" ትለኝ ነበር።

ጨዋታው ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ነው። ስምንት ተኩል ገደማ፣ ልጆቹ ሲያሟሙቁ፣ የእኔ ስልክ ጠራ። ወንድሟ ነው። ድሮ ኖርዌይ ውስጥ ግንባታ ላይ ስለሠራ ኖርዌጅኛ ይሞክራል።

"እናታችን ታማለች" አለኝ። "በጣም። ሆስፒታል ነን። እኅቴ ስልኳን አታነሣም። ዛሬውኑ ትምጣ። አሁን ንገሪያት።"

"ያ፣ ያ፣ እሺ፣ እነግራታለሁ። ትመጣለች" አልኩት።

ስልኩን ዘጋሁ። ሴትዮዋ ሞተዋል አልኩ በልቤ። አንድም ጥርጣሬ አልነበረኝም።

ለምን ካላችሁ፣ የእኛ ሰው ሞትን በስልክ አይናገርም። "በጠና ታመዋል፣ ቶሎ ነይ" ከተባለ ሰውየው ሄዷል፤ የሚቀረው ለአንቺ የሚነገርበት መንገድ ነው። አባቴ የሞቱ ጊዜ ሞርተንሩድ ያለው ሐበሻ በሙሉ ሦስት ሳምንት ቀድሞኝ ያውቅ ነበር። እኔ ግን "ኩላሊታቸውን አመም አድርጓቸዋል" ተብዬ በሰው እጅ መድኃኒት ልኬላቸዋለሁ። ከተቀበሩ በኋላ መድኃኒት! አንድ እሑድ ማለዳ ነጠላቸውን ያዘቀዘቁ ስድስት ሰዎች በሬን ሲያንኳኩ ነው የገባኝ። አልተቀየምኳቸውም። እንዲያውም ያን ወሬ ብቻዬን፣ መወልወያ ይዤ፣ የቢሮ ኮሪደር ላይ ብሰማው ኖሮ ምን እሆን ነበር እላለሁ። መርዶ ማለዳ ነው፤ ሰው በልቶ፣ ተኝቶ፣ በሰው ተከብቦ ነው የሚሰማው። እኔ የማውቀው ደግነት ይህ ነበር።

ስለዚህ ወሰንኩ። እናትየው ከሞቱ አይቀር ችኮላው ለምንድን ነው? ልጅቷ አንድ ዓመት ተኩል የጠበቀችውን ዘጠና ደቂቃ ትጫወት። ከዚያ ወደ ቤት እወስዳታለሁ፣ ትበላለች፣ ታርፋለች፣ ማለዳ ከሰው ጋር እነግራታለሁ። ይህን ለማሰብ ሁለት ደቂቃ አልፈጀብኝም። እውነቱን ልናገር ካልኩ ደግሞ ስትጫወት ማየት ፈልጌ ነበር። አንድ ዓመት ተኩል የጠበቅኩት እኔም ነኝ።

እንዴት ተጫወተች መሰላችሁ! አንድም አጥቂ አላለፋትም። ከማዕዘን የመጣች ኳስ መስመሩን ልታልፍ ስትል በግንባሯ አወጣቻት፤ ግብ ጠባቂዋ መሬት ላይ ተዘርራ ነበር። የአገሯ አሰልጣኝ ግራጫ ጃኬቱን ለብሶ አጥሩ ጋ ቆሞ ራሱን ይነቀንቃል፣ ይጽፋል። ቦርሳው ደግሞ ጭኔ ላይ ይንቀጠቀጣል። አንዴ፣ ሁለቴ፣ አራቴ። የማን ስልክ እንደሆነ ሳላይ አወቅኩት። እጄን ከትቼ አጠፋሁት። ወዲያው ወንድሟ ለእኔ "ነገርሻት?" ብሎ ጻፈልኝ። "እየመጣች ነው" ብዬ መለስኩለት። በሕይወቴ ከጻፍኩት ሁሉ አጭሩ ነው፣ እስከ ዛሬም ከእንቅልፌ የሚቀሰቅሰኝ እሱ ነው።

አንድ ለባዶ አሸነፍን። መጥታ ከነቦርሳዬ አንሥታ አዞረችኝ። "እትዬ፣ ስልኬን! እናቴ አሁን ደውላ ይሆናል" አለች። ዕቃ ቤቱ ውስጥ ረስቼው ተቆልፎበታል፣ ቁልፉን ጠባቂው ይዞት ሄዷል አልኳት። ስልኩ ጃኬቴ ኪስ ውስጥ ነበር።

"ከአንቺ ስልክ ልደውልላት?"

"ቁጥሯን በቃልሽ ታውቂዋለሽ?"

"ናይ፣ አላውቀውም!" ብላ ሳቀች። "አሁን ማን የሰው ቁጥር በቃሉ ያውቃል? ተይው፣ ነገ ሁለት እጥፍ ትቆጣኛለች።"

በባቡሩ ወደ ሞርተንሩድ ስንሄድ አሰልጣኙ "ጉልበትሽን አየሁት" እንዳላት ደጋግማ ነገረችኝ። እንዳታለቅስብኝ ሳይሆን እንዳላለቅስባት ፊቴን ወደ መስኮቱ አዞርኩ። ዶሮ ወጥ ሠርቼ ነበር፤ ጠግባ በላች። ልብስ ልታጥብ ብድግ ስትል ተኚ ብዬ ተቆጣኋት፣ ገብታ ተኛች።

ለነገ ጠዋት የአውሮፕላን ቲኬት እንድትቆርጥልኝ ልጄ ጋ ደወልኩ። ምክንያቱን ስነግራት ጮኸችብኝ። "ማሚ፣ ናይ! እነሱ እንዲህ አያደርጉም። አሁኑኑ ቀስቅሻት!"

"አንቺ ገና ልጅ ነሽ፣ ይህን አታውቂውም" ብዬ ዘጋሁባት። ልጄ ከእኛ ከትልልቆቹ ሁሉ ተሽላ ነበር ያን ቀን፤ ይህን ለመናገር ዓመት ፈጅቶብኛል።

ከንጋቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ከቤተ ክርስቲያን የማውቃቸው ሁለት ሴቶች ነጠላቸውን አዘቅዝቀው መጡ። ሳሎን ቁጭ አልን። ልጅቷ በካልሲ፣ ዓይኗን እያሻሸች ወጣችና በነጭ የተሸፈኑ ሦስት ሴቶች ተደርድረው አየች። "በዓል ነው?" አለችኝ።

እጇን ይዤ አስቀመጥኳት። ስዘጋጅበት ያደርኩት ኖርዌጅኛ ሁሉ ጠፋብኝ። "እናትሽ ሞታለች፣ ልጄ" አልኳት። "ትናንት።"

ሴቶቹ ማልቀስ ጀመሩ። እሷ አላለቀሰችም። ፊቷ ላይ የነበረው ሁሉ ጠፋ። "ማን ነገረሽ? መቼ?" አለች። ስልኳን ከኪሴ አውጥቼ ሰጠኋት። ስልኩን አየች፤ እኔን አየችኝ። ከፍታ ደወለች። ወንድሟ ወዲያው አነሣው። የሚሉትን ባላውቅም ድምፁ ሲጮህ ይሰማኛል። ከዚያ ስልኩን ከጆሮዋ ሳትለይ በኖርዌጅኛ፣ ለእኔ፣ ቃል በቃል "አልሞተችም" አለችኝ።

ከሴቶቹ አንዷ "ተመስገን!" ብላ እልል ልትል አፏን ከፈተች። ልጅቷ ዞራ አየቻት፤ ሴትዮዋ አፏን በነጠላዋ ሸፈነች። ያን አስተያየት መቼም አልረሳውም። ክው ብዬ ቀረሁ። ሰው ተርፏል ተብሎ እንዲያ የደነገጠ ከእኔ በቀር ያለ አይመስለኝም።

ጋርደርሞን አየር ማረፊያ ድረስ አብሬያት ሄድኩ፤ አትምጪ አላለችኝም፣ ነይም አላለችኝም። ባቡሩ ውስጥ ከመተላለፊያው ወዲያ ማዶ ተቀመጠች። አንድ ጊዜ ብቻ "ለምን?" አለችኝ። ስለ አባቴ፣ ስለ መድኃኒቱ፣ ስለ ማለዳው ነገርኳት። እስከ መጨረሻው ሰማችኝ።

"ወንድሜ ታማለች ካለ" አለች ቀስ ብላ፣ "ታማለች ማለት ነው።"

ቅዳሜ ማታ አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ የሚነሣ አውሮፕላን ነበር። ስምንት ተኩል ላይ ብነግራት ትደርስበት ነበር። ይህን ያወቅኩት የአየር ማረፊያው ሰሌዳ ላይ የእሑዱን በረራዎች ሳነብ ነው፤ በየቀኑ በዚያው ሰዓት የሚነሣ በረራ ተጽፏል። እሷም አንብባዋለች።

እናትየው የሞቱት እሷ ሄልሲንኪ ላይ ሁለተኛውን አውሮፕላን ስትጠብቅ ነው። ወንድሟ ደውሎ ነገራት። በማታውቀው ሰው መሐል፣ ሻንጣዋን ይዛ፣ ብቻዋን ቆማ ሰማችው። እኔ እንዳይሆንባት ብዬ ያን ሁሉ ያደረግኩበት ነገር አንድ ሳይቀር እንዳለ ሆነባት።

ከዚያ ወዲህ እኔ አንድ ደንብ አወጣሁ። በጨዋታ መሐል ቦርሳው ውስጥ የሚጮህ ስልክ ካለ አነሣዋለሁ። አንድ ጊዜ የመሐል አጥቂያችን ጋ ደጋግመው ሲደውሉ ሜዳው መስመር ድረስ ሮጬ እጄን እያወዛወዝኩ ጮህኩ፤ ጨዋታው ቆመ። የጥርስ ሐኪም ቀጠሮ ማስታወሻ ሆኖ ተገኘ። ልጆቹ እስከ አሁን ይስቁብኛል። ይሳቁ።

እሷ ከሦስት ሳምንት በኋላ ዕቃዋን ልትወስድ መጣች። ልብስ ማጠቢያ ክፍሉ ውስጥ ማሊያ እያጠፍኩ ነበር። በሩ ላይ ቆማ በስሜ ጠራችኝ። እትዬ አላለችኝም። የአገሯ አሰልጣኝ መርጧት እንደነበር ከሌሎቹ ሰምቻለሁ፤ ደብዳቤው የደረሳት በቀብሩ ሳምንት ነው። ትሄጃለሽ ወይ ብዬ ጠየቅኳት።

"ናይ" አለች። "አቁሜያለሁ። ያ ጨዋታ በሕይወቴ ከተጫወትኳቸው ሁሉ የተሻለው ነበር። አሁን ኳስ ባየሁ ቁጥር የማየው እሱን ነው።"

ይቅር በይኝ አልኳት። ስንት ጊዜ እንዳልኩት አላውቅም። ታኬታዋን ከመደርደሪያው አንሥታ በላስቲክ ከረጢት ውስጥ ከተተች። ከዚያ፣ እኔን ሳታይ፣ ከረጢቱን እያሰረች ተናገረች።

"ቅዳሜ ከጨዋታው በኋላ እናቴ ሦስት ጊዜ ነቅታ ነበር። በደንብ ታውቅ ነበር፣ ማንን እንደምትጠብቅ ታውቃለች። ወንድሜ እየመጣች ነው አላት፤ አንቺ የጻፍሽለትን። አላመነችውም። ቅዳሜ፣ የጨዋታ ቀን እንደሆነ ታውቃለቻ። ሦስቱንም ጊዜ አንድ ነገር ብቻ ነው የጠየቀችው።"

ምን ብለው እንደጠየቁ አልጠየቅኳትም። እሷ ግን ነገረችኝ፣ በቋንቋዋ፣ በአንዲት ቃል። እንድትተረጉምልኝ አላስፈለገኝም።